ማን ማንን አገኘ?

ነገሩ የተጀመረው በልጄ የቤት ሥራ ነው። ልጄ አሥራ ሁለት ዓመቷ ነው። የተወለደችው እዚሁ ሎንዶን ሲሆን አማርኛዋ ደስ ሲላት ይገኛል፣ ስትናደድ ግን ጥሏት ይሄዳል። አንድ ማክሰኞ ማታ ከሥራ ገብቼ ጫማዬን ሳላወልቅ ወረቀት ይዛ ከፊቴ ቆመች። የታሪክ አስተማሪዋ «ዘመነ ግኝት» በሚል ርዕስ ሥር፣ ከአውሮጳ ተነሥተው ዓለምን ካገኙት ሰዎች አንዱን መርጣችሁ ሁለት ገጽ ጻፉ ብሏቸዋል። ከወረቀቱ ግርጌ የስም ዝርዝር አለ። ኮሎምበስ፣ ቫስኮ ዳ ጋማ፣ ማጌላን...

«አባዬ፣ እኛን ያገኘን የትኛው ነው?» ስትል ጠየቀችኝ።

ሳቅኩ። ወዲያው ግን ሳቄ ጉሮሮዬ ላይ ቀረ። ልጅቷ እየቀለደች አልነበረም። በዚያ ወረቀት ላይ ያለው ሰው ሁሉ ወይ አግኚ ነው ወይ ተገኚ። እሷም ራሷን ከተገኙት ወገን አሰልፋ፣ የቀራትን አንድ ነገር፣ ያገኛትን ሰው ስም፣ ከአባቷ ትጠይቃለች።

እኔ በአገሬ ጋዜጠኛ ነበርኩ። ለትምህርት ወደዚህ አገር መጥቼ ዲግሪዬን ሳልጨርስ የምሠራበት ጋዜጣ ተዘጋ፤ ከባልደረቦቼ ከፊሉ ታሰረ፣ ከፊሉ ተበተነ። «እስቲ ነገሩ እስኪበርድ» ብዬ የተቀመጥኩ ይኸው አሥራ አራት ዓመት አለፈኝ። እንጀራዬን የማገኘው አሁን የመጋዘን ዕቃ በመቁጠር ነው። ይሁን እንጂ የጋዜጠኛ አመል ከሥራው ጋር አብሮ አይለቅም። መልስ ያላገኘሁለት ጥያቄ እንቅልፍ ይነሳኛል። የትምህርት ቤቱ የዕረፍት ሳምንት ሲደርስ ርካሽ ቲኬት ፈልጌ ልጄን ይዤ ሊዝበን ሄድኩ። አግኚዎቹ የተነሡበትን ወደብ በዓይኗ ትየው፣ ከዚያ ራሷ ትመልሰው ብዬ ነው።

(በዚህ ጽሑፍ የሚገኙት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር ናቸው።)

አውሮፕላን ማረፊያው ላይ ልጄ ፓስፖርቷን ስትሰጥ ሹሙ ፈገግ ብሎ መለሰላት። የእኔን የስደተኛ መጓጓዣ ሰነድ ግን ፊትና ጀርባውን አገላበጠ፤ ለጎረቤቱ አሳየው፤ ከዚያም ከሰልፉ ወጥቼ ከግድግዳው አጠገብ እንድቆም በእጁ አመለከተኝ። አርባ ደቂቃ ቆምኩ። ልጄም ከመስመሩ ማዶ ሻንጣዋን ታቅፋ ስትመለከተኝ ቆየች። እናቷ ዜግነት ወስዳለች፤ እኔ ነኝ «ዛሬ ነገ እገባለሁ» እያልኩ ያልወሰድኩት። ይህን ጋዜጣ የሚያነብ ሰው ሁሉ ምን ማለቴ እንደሆነ ስለሚገባው አላብራራም።

የድንጋዩ መርከብ

ከሊዝበን በስተምዕራብ ቤሌም የሚባል ሰፈር አለ። የቴጆ ወንዝ ከውቅያኖስ ጋር ሊገናኝ ሲል የሚሰፋበት ቦታ ነው። በወንዙ ዳር በመርከብ አምሳል የተሠራ፣ ቁመቱ ከ50 ሜትር የሚበልጥ ሐውልት ቆሟል። መጀመሪያ በ1940 ለአንድ ትልቅ ኤግዚቢሽን ለጊዜው ብቻ ተሠርቶ ነበር። አሁን የምናየው የተመረቀው በ1960፣ የባሕር ጉዞው ጠንሳሽ የሚባለው ልዑል ሄንሪ በሞተ በ500ኛው ዓመት ነው። 1960 እንግዲህ አሥራ ሰባት የአፍሪካ አገሮች ነፃ የወጡበት ዓመት ነው። የሳላዛር መንግሥት ግን አንጎላንና ሞዛምቢክን ሙጭጭ አድርጎ ይዞ፣ ለአያቶቹ ሐውልት ያቆም ነበር። ከሐውልቱ ፊት ለፊት መሬቱ ላይ የተነጠፈው ግዙፍ የእብነ በረድ ኮምፓስ ደግሞ በጊዜው የነበረው የደቡብ አፍሪካ የአፓርታይድ መንግሥት ስጦታ ነው። ስጦታና ተቀባይ እንዲህ ሲገጥም አይቼ አላውቅም።

በመርከቡ ጎንና ጎን ሠላሳ ሦስት ሰዎች ተቀርጸዋል። ልዑል ሄንሪ ከፊት ነው፤ ከኋላው ንጉሥ፣ መርከበኛ፣ መነኩሴ፣ ባለቅኔ ተሰልፏል። ልጄ ስማቸውን ከመግለጫው ወረቀት ላይ እያነበበች ወደ ላይ ትጠቁማለች። እኔ የምፈልጋቸው ሦስት ነበሩ። አንደኛው ፔሮ ዳ ኮቪልያ፣ በኢትዮጵያ ኖሮ በኢትዮጵያ የሞተው ፖርቱጋላዊ። ሁለተኛው የቫስኮ ዳ ጋማ ልጅ ክሪስቶቫኦ፣ በ1541 አራት መቶ ወታደር ይዞ ግራኝን ሊወጋ መጥቶ በማግሥቱ ዓመት የተገደለው። ሦስተኛው ጎሜሽ ኢያኔሽ ዴ ዙራራ የሚባል ጸሐፊ ነው። ስለ እሱ በመጨረሻ እመለስበታለሁ፤ የመጣሁትም በእርግጥ ለእሱ ሳይሆን አይቀርም።

መንገዱን ማን አሳየ?

«እሺ ቫስኮ ዳ ጋማን ልምረጥ?» አለችኝ። «ምረጪው፤ ግን አብረን እንከተለው» አልኳት። ወንዙ ዳር ተቀምጠን ዳቦ እየበላን የማውቀውን ነገርኳት።

ዳ ጋማ በሐምሌ 1497 በአራት መርከብ ከዚህ ወንዝ ተነሣ። የአፍሪካን ደቡባዊ ጫፍ ዞሮ በምሥራቁ ጠረፍ ወደ ሰሜን ሲወጣ ያገኘው ምድረ በዳ አልነበረም። በሞዛምቢክ፣ በሞምባሳ፣ በማሊንዲ የድንጋይ ቤት፣ መስጊድ፣ ነጋዴ፣ ሐርና ወርቅ፣ ከህንድና ከዐረብ አገር የመጡ መርከቦች አየ። ሞዛምቢክ ላይ ሰዎቹ ስለ «ቄሱ ንጉሥ ዮሐንስ»፣ ማለትም ስለ እኛ ንጉሥ፣ ወሬ ሲሰሙ በደስታ አልቅሰዋል። በሚያዝያ 1498 ማሊንዲ ደረሱ። የከተማይቱ ገዢ መንገድ የሚመራ ሰው ሰጣቸው። ይህ ሰው የክረምቱን ነፋስ ያውቃል፣ ኮከቡን ያውቃል፤ መርከቦቹን በሃያ ስድስት ቀን ውስጥ የህንዷ ከተማ ካሊከት ደጃፍ አደረሳቸው።

ዳ ጋማ ሲመለስ ግን ያ መሪ አልነበረውም። ነፋሱም የእሱን ፈቃድ አልጠበቀም። ያንኑ ባሕር ለመሻገር ሦስት ወር ገደማ ፈጀበት። ሰዎቹ ድዳቸው እያበጠ፣ እግራቸው እየከዳቸው አለቁ፤ ከዘመቻው ከግማሽ በላይ የሚሆነው ሰው ወደ አገሩ አልተመለሰም። እንግዲህ የህንድን መንገድ «ያገኘው» ማን ነው? ሃያ ስድስት ቀን የወሰደበት ወይስ ሦስት ወር?

«የመሪው ስም ማን ነው?» አለች ልጄ እርሳሷን አንሥታ።

እዚህ ላይ ተቸገርኩ። ብዙ ዘመን ታዋቂው ዐረባዊ የባሕር ሊቅ አሕመድ ኢብን ማጂድ ነው ሲባል ቆይቷል፤ የዛሬ የታሪክ ሰዎች ግን ይህን አይቀበሉም። የፖርቱጋል ታሪክ ጸሐፊ ያስቀመጠለት መጠሪያ ቢመረመር «መሪ ጌታ፣ ኮከብ ቆጣሪ» ለማለት ያህል የሙያ ስም ነው እንጂ እናቱ ያወጣችለት አይደለም። ከጉጃራት የመጣ ሰው ነው ይባላል። ከዚህ በላይ የለም። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ይላል ያገራችን ሰው፤ የዚህ ሰው ስም ግን መቃብር ድረስም አልዘለቀም።

ካሊከት ላይ የሆነውን ስነግራት ደግሞ ልጄ ከት ብላ ሳቀች። መጀመሪያ ወደ የብስ የተላከውን ሰው የተቀበሉት ሁለት የቱኒስ ሰዎች ናቸው፤ ያውም የስፔንን ቋንቋ የሚናገሩ! ዓለምን ዞሬ አዲስ ምድር ደረስኩ ያለ ሰው በጎረቤቱ ቋንቋ «ምን እግር ጣለህ?» ተባለ ማለት ነው። ዳ ጋማ ለካሊከት ንጉሥ ያቀረበው ገጸ በረከት ባለመስመር ጨርቅ፣ ባርኔጣ፣ የመታጠቢያ ሳህን፣ ስኳር፣ ዘይትና ማር ነበር። የንጉሡ ሹማምንት አይተው ሳቁበት፤ ከመካ የሚመጣ ድሃ ነጋዴ እንኳ ከዚህ የተሻለ ያመጣል አሉት። ፖርቱጋሎቹም በበኩላቸው የሂንዱን ቤተ መቅደስ ቤተ ክርስቲያን መስሏቸው ገብተው ጸልየዋል። አግኚዎቹ ያገኙትን ነገር እንኳ አላወቁትም።

ወረቀት በባሕር ላይ

ታሪኩ በሳቅ ቢያልቅ ጥሩ ነበር። ነገር ግን መርከቦቹ ከስኳሩና ከማሩ በስተቀር ሌላ ዕቃም ጭነው ነበር፤ መድፍ። የህንድ ውቅያኖስ ነጋዴዎች በየወደቡ ቀረጥ ይከፍሉ ነበር እንጂ ባሕሩ ራሱ ባለቤት አለው ብለው አያውቁም። ፖርቱጋሎች ግን ገና ሳይደርሱበት ተከፋፍለውት ነበር። በ1494 ቶርዴሲያስ በምትባል ከተማ ከስፔን ጋር ተዋውለው፣ ዓለምን በአንድ መስመር ለሁለት ሰንጥቀው፣ የምዕራቡን ለስፔን የምሥራቁን ለራሳቸው አድርገዋል። ከሚሰነጠቀው ዓለም ማንም አልተጠየቀም።

ዳ ጋማ በ1502 ሲመለስ በሁለተኛው ጉዞው ከመካ ሐጅ አድርጋ የምትመለስ መርከብ ያዘ። በውስጧ ሴቶችና ሕፃናት ጭምር በመቶ የሚቆጠር ሰው ነበር። ንብረቷን ዘርፎ ከነሰዎቹ አቃጠላት። በ1505 ኪልዋ ተዘረፈች፣ ሞምባሳ ተዘርፋ ተቃጠለች። በ1510 ጎዋ፣ በ1511 ማላካ፣ በ1515 ሆርሙዝ ተያዙ። በ1517 ደግሞ እሳቱ የእኛው ጎረቤት ዘይላ ደረሰ።

ከእሳቱ ይልቅ ግን እኔን የሚገርመኝ ወረቀቱ ነው። ፖርቱጋሎች «ካርታዝ» የሚሉት ነገር አመጡ። በዚያ ባሕር ላይ የሚጓዝ ማንኛውም የነጋዴ መርከብ ከፖርቱጋል ሹም የፈቃድ ወረቀት መያዝ አለበት። ወረቀቱ ላይ የናኹዳው ስም፣ የመርከቧ መጠን፣ የያዘችው መሣሪያ፣ የምትሄድበት ወደብ ይጻፋል። ቀረጥም በፖርቱጋል ምሽግ በኩል ይከፈላል። ወረቀት የሌላት መርከብ ብትገኝ ዕቃዋ ይወረሳል፣ ከዚያም የባሰ ይደርስባታል። አያት ቅድመ አያታቸው ነፋስ ብቻ እየጠየቁ በተመላለሱበት ባሕር ላይ፣ ትናንት የመጣ እንግዳ «ወረቀትህን አሳይ» አላቸው። ታላቁ የሙጋል ንጉሥ አክባር እንኳ ከዚህ አላመለጠም። አክስቱ ጉልባደን በጉም በ1575 ከቤተ መንግሥቱ ሴቶች ጋር ለሐጅ ስትነሣ፣ በዚሁ ፈቃድ ምክንያት በሱራት ወደብ አንድ ዓመት ያህል ተቀምጣለች።

ይህን ስነግራት ልጄ ማኘኳን አቆመች። «አንተን ግድግዳው አጠገብ እንዳቆሙህ?» አለችኝ። እንደዚያ አይደለም፣ የእኔ አርባ ደቂቃ ነው፣ ማንም መርከቤን አላቃጠለብኝም ልላት አሰብኩ። ግን ልጅቷ የያዘችው ነገር ውሸት አልነበረምና ዝም አልኩ።

ሁለት እንግዶች

አሁን ወደ ኮቪልያ እንምጣ። ዳ ጋማ ከመነሣቱ ከአሥር ዓመት በፊት፣ በግንቦት 1487፣ ንጉሥ ዳግማዊ ዮሐንስ ሁለት ሰላዮች ላከ። አንዱ አፎንሶ ዴ ፓይቫ፣ ሌላው ዐረብኛ የሚናገረው ፔሮ ዳ ኮቪልያ ነው። ማር የሚነግዱ መስለው በእስክንድርያና በካይሮ አልፈው ኤደን ደረሱና ተለያዩ። ኮቪልያ በተራ የነጋዴ መርከብ ተሳፍሮ ካሊከትንና ጎዋን አየ፤ በአፍሪካ ጠረፍም እስከ ሶፋላ ወረደ። ልብ በሉ፤ ይህ ሰው ያለ አንዳች መድፍ፣ ሙስሊም ነጋዴዎች በየቀኑ በሚመላለሱበት መንገድ ሄዶ፣ ዳ ጋማ ገና ወደፊት «የሚያገኘውን» አገር ሁሉ ጎብኝቶ ተመልሷል። ካይሮ ሲደርስ ጓደኛው ሞቶ ቆየው። ያየውን ጽፎ ለንጉሡ ከላከ በኋላ የጓደኛውን ተልእኮ ሊፈጽም ወደ ኢትዮጵያ አመራ፤ በ1493 አካባቢ ገባ።

ዐፄ እስክንድር በደንብ ተቀበሉት፤ በክብር እሸኝሃለሁም አሉት። ብዙም ሳይቆዩ ግን በ1494 ሞቱ። ቀጥለው የነገሡት ዐፄ ናዖድ አልለቅህም አሉት። ከናዖድ በኋላ የመጡት ዐፄ ልብነ ድንግልም እንዲሁ። ርስት ተሰጠው፣ ሚስት አገባ፣ ልጆች ወለደ፣ ባለጸጋ ሆነ። መሄድ ግን ክልክል ነው። አገር ቤት ያለችው ሚስቱ ካታሪና ትጠብቀው ነበር። በ1520 የፖርቱጋል መልእክተኞች ሲመጡ ይህ ሰው ሃያ ሰባት ዓመት ያህል ኢትዮጵያ ተቀምጦ አገኙት። ታሪኩን ለቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ አጫወተው፤ እኛም የምናውቀው አልቫሬዝ በ1540 ካሳተመው መጽሐፍ ነው። መልእክተኞቹ በ1526 ሲመለሱ ኮቪልያ እንዲሄድ አልተፈቀደለትም። እዚያው ሞተ።

«ታዲያ እስረኛ ነበር ወይስ እንግዳ?» አለች ልጄ።

ለዚህ ጥያቄ መልስ ያለው አንባቢ ይኖር ይሆን? እኔ ለራሴም የለኝም። መሬት ተሰጥቶት፣ ልጅ ወልዶ፣ ማንም ሳይከፋበት እየኖረ፣ ልቡ በር በር የሚያይ ሰው ምን ይባላል? ልዩነታችን እሱን የያዘው ንጉሥ ሲሆን እኔን የያዘኝ ምን እንደሆነ በትክክል አለማወቄ ነው።

ልጄ «እኛን ያገኘን የትኛው ነው» ብላ ለጠየቀችኝ መልሱ ያለው ግን ከዚህ በፊት ነው። ኮቪልያ ከመምጣቱ ከዘጠና ዓመት በፊት፣ በ1402፣ የዐፄ ዳዊት መልእክተኞች ቬኒስ ደርሰው ነበር። በ1441 የኢየሩሳሌም መነኮሳታችን በፍሎረንስ ጉባኤ ላይ ተገኝተዋል። እቴጌ እሌኒ የላኩት ማቴዎስ በህንድ አድርጎ በ1514 ሊዝበን ገብቷል። እንግዲህ በአጭሩ፣ የእኛም ሰዎች እነሱን ፈልገው አግኝተዋል፤ ሐውልት አላቆሙም እንጂ።

ከነዚህ ሁሉ ለእኔ የሚቀርበኝ አባ ጸጋ ዘአብ ነው። የልብነ ድንግል መልእክተኛ ሆኖ ከአልቫሬዝ ጋር በ1527 ሊዝበን ገባ። ቶሎ ይመለሳል የተባለው ሰው ከአሥር ዓመት በላይ በዚህ ከተማ ቀረ። የቤተ ክርስቲያን ሊቃውንቱ «ሃይማኖትህ የተጣመመ ነው» ብለው ቁርባን ከለከሉት። ካህን ሆኖ ሳለ ከክርስቲያኖች መካከል እንደ መናፍቅ ተቀመጠ። ምን አደረገ? ጻፈ። በ1534 ስለ አገሩ እምነትና ሥርዓት፣ ለምን እንደምንጾም፣ ለምን እንደምንገረዝ፣ ሰንበትን ለምን እንደምናከብር አስረድቶ፣ ክርስቲያን ክርስቲያኑን እንዲህ ማዋረድ ተገቢ አይደለም ሲል ጻፈ። ወዳጁ ዳሚያኦ ዴ ጎይሽ ወደ ላቲን መልሶ በ1540 ሉቨን ከተማ አሳተመለት። በማግሥቱ ዓመት በፖርቱጋል መጽሐፉ እንዳይሸጥ ተከለከለ።

ሳንሱር ማለት ይኸው ነው። በስደት ተቀምጦ ስለ አገሩ የጻፈ፣ ጽሑፉም የታገደበት ኢትዮጵያዊ ከእኛ በፊት ከአራት መቶ ሰባ ዓመት በላይ ቀድሞ ነበር። በቤሌም ሐውልት ላይ ቦታ የለውም።

የጸሐፊው ዕዳ

ሐውልቱ ላይ ቦታ ያገኘው ጸሐፊ ዙራራ ነው። የንጉሡ ዜና መዋዕል ጸሐፊ ነበር፤ ማለትም የሙያ ባልደረባዬ። በነሐሴ 1444 ላጎስ በምትባል የደቡብ ፖርቱጋል ወደብ ሁለት መቶ ሠላሳ አምስት አፍሪካውያን ከመርከብ አውርደው ሜዳ ላይ አሰለፏቸው፤ ለክፍፍል። ልዑል ሄንሪ በፈረስ ላይ ሆኖ ከአምስት አንድ ድርሻውን፣ አርባ ስድስት ሰው ተቀበለ። ይህን የምናውቀው ዙራራ ስለ ጻፈው ነው። ልጅ ከአባት፣ ወንድም ከወንድም ሲለይ፣ እናቶች ልጆቻቸውን ታቅፈው መሬት ላይ ሲወድቁ፣ ዱላ ሲያርፍባቸው ሁሉንም ጽፏል። ሐዘኑንም አልሸሸገም። ከዚያ በኋላ ግን ብዕሩን አዙሮ ነፍሳቸው ዳነ፣ ልዑሉም ደስ አለው ብሎ ያመሰግናል። አየ፣ አዘነ፣ አመሰገነ። ውሻ በበላበት ይጮኻል ማለት ቀላል ነበር። እኔ ግን አልችልም፤ ለምን እንደማልችል ለልጄ የነገርኳት ያን ዕለት ነው፤ ለእናንተም ልንገራችሁ።

ኢትዮጵያውያን ይህን ታሪክ ስንሰማ ቶሎ የምንሮጠው ወደ አድዋ ነው። እውነት ነው፤ በእኛም ላይ ሞክረውታል። በ1869 አንድ የኢጣሊያ የመርከብ ኩባንያ አሰብ ላይ መሬት ገዛ፤ በ1876 የጂኦግራፊ ማኅበር ሊቃውንት ዕፅዋትና ወፍ እናጠናለን ብለው ሸዋ ገቡ፤ በ1882 አሰብ የመንግሥት ሆነች፤ በ1885 ወታደሩ ምጽዋን ያዘ። ነጋዴ፣ አጥኚ፣ ወታደር፤ በተራ በተራ። በ1896 አድዋ ላይ ቆመ። በዚህ እኮራለሁ። ነገር ግን አድዋ ወታደሩን እንጂ ቃሉን አላቆመውም። «ያልተነካ አገር፣ ባዶ ምድር» የሚለው ቃል ድንበር ተሻግሮ እኛ አፍ ውስጥ ገብቶ ተቀምጧል።

በ2009 ጋዜጠኞችን ወደ ምዕራብ ቆላ የሚወስድ ጉብኝት ተዘጋጀ። ለሰፊ እርሻ ለባለሀብት ሊሰጥ የታሰበ መሬት እንድናይ ነው። ወጣት ነበርኩ፤ አበል አለው፣ መኪናው ጥሩ ነው፣ ከአዲስ አበባ መውጣቱም ደስ ይላል። አገሩ ለምለም ነው። ሣሩ ከሰው ቁመት ይበልጣል። ከዛፎቹ ላይ የንብ ቀፎ ተሰቅሏል። ቀጭን የእግር መንገድ ሣሩን ሰንጥቆ ወደ ወንዙ ይወርዳል። በሩቁ ጢስ ይታያል። አንዲት ሴት ውሃ ተሸክማ አጠገባችን አለፈች። አንድ ሽማግሌ ከመኪናው ፊት ቆሞ በቋንቋው ረዘም ያለ ነገር ተናገረ። አስተርጓሚው «እንኳን ደህና መጣችሁ ነው የሚለው» አለን። የሽማግሌው ፊት ግን እንኳን ደህና መጣችሁ የሚል ሰው ፊት አልነበረም። አየሁት። ማየቴንም አውቃለሁ።

አዲስ አበባ ተመልሼ «ለዘመናት የሰው እጅ ያልነካው ድንግል መሬት» ብዬ ጻፍኩ። ርዕሱ «ባዶው መሬት ባለቤት አገኘ» የሚል ነበር። ርዕሱን ያወጣሁት ራሴ ነኝ። ማንም አላስገደደኝም፤ ሳንሱር አልነካውም፤ አዘጋጁም በፊት ገጽ አወጣልኝ። ቀፎው፣ መንገዱ፣ ጢሱ፣ ሴትዮዋ፣ ሽማግሌው፤ አንዳቸውም ጽሑፉ ውስጥ የሉም። ዙራራ ቢያንስ የእናቶቹን ልቅሶ ጽፏል።

በኋላ የእኔው ጋዜጣ ሲዘጋ ተበደልኩ ብዬ ብዙ ጮኼያለሁ፤ መበደሌም እውነት ነው። ግን እዚህ ዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት ተቀምጬ የላጎስን ታሪክ መጀመሪያ ያነበብኩ ቀን፣ የታየኝ የልዑሉ ፈረስ ሳይሆን ያ ሽማግሌ ነው። አገር የሚወሰደው መድፉ ሳይደርስ ገና በጽሑፍ ነው። አንድ ሰው መጀመሪያ «ማንም የለም» ብሎ መጻፍ አለበት። እኔ ያን ጽፌያለሁ።

ልጄ ዝም ብላ ሰማችኝ። ጀምበሯ ወደ ወንዙ ማዶ አዘንብላ ነበር። ትቆጣኛለች፣ ወይም ታጽናናኛለች ብዬ ጠበቅኩ። ሁለቱንም አላደረገችም።

«የሽማግሌው ስም ማን ነበር?»

«አልጠየቅኩትም።»

«ሴትየዋስ?»

«እሷንም አልጠየቅኳትም።»

ሎንዶን ከተመለስን በኋላ የቤት ሥራዋን ጻፈች። ከዝርዝሩ ውስጥ ማንንም አልመረጠችም። የጻፈችው ስለ ማሊንዲው መሪ ነው። ነፋሱን እንዴት እንደሚያውቅ፣ ሃያ ስድስት ቀንና ሦስት ወር ምን ያህል እንደሚለያዩ በሁለት ገጽ አስረድታ፣ በርዕሱ ላይ የሰውየው ስም በሚገባበት ቦታ ሰረዝ አድርጋ ትታዋለች። አስተማሪዋ በቀይ እርሳስ «ስሙን መጻፍ ረስተሻል» ብሎ መልሶላታል። አልረሳሁም ብላ ልትነግረው ነው፤ በእንግሊዝኛ፣ ምክንያቱም ተናድዳለች።

የእኔ የቤት ሥራ ግን አላለቀም። ያ ሰፈር ወንዝ አጠገብ ነው። ከመንገዱ ግራ ትልቅ ሾላ አለ፤ ሾላው ላይ በዚያን ጊዜ ሦስት ቀፎ ተሰቅሎ ነበር። ሽማግሌው ረጅም ነው፤ ግራ እጁ ላይ የነሐስ አምባር ነበረው። ከምዕራቡ ጠረፍ ተሰዳችሁ በየአገሩ ያላችሁ ወንድሞችና እኅቶች ይህን ጋዜጣ እንደምታነቡ አውቃለሁ። ቦታውን የሚያውቅ፣ ሽማግሌው ያን ቀን ምን ሊለን እንደነበር የሚገምት፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ስሙን የሚያውቅ ሰው ካለ፣ በዝግጅት ክፍሉ በኩል ይጻፍልኝ። ያን ጊዜ በፊት ገጽ የወጣውን ጽሑፍ በዚህ ገጽ ላይ ላርመው እፈልጋለሁ።